አልባሳቱ ሳይሆን ለባሹ ይናገር

የወሎን ሰው ገላ እስካሁን ሦስት ተራኪዎች ተርከውታል፤ ካሜራ፣ ዘፈንና መድረክ። ሦስቱም ባለገላውን አላማከሩትም።

ካሜራው በረሃብ ተረከው። በጥቅምት 1966 ዓ.ም. እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ በወሎ የሠራው የረሃብ ፊልም በአገሩ ቴሌቪዥን ታየ። መስከረም 1 ቀን 1967 ምሽት ያው ፊልም ከቤተ መንግሥት ግብዣ ምስሎች ጋር ተቀናብሮ ለኢትዮጵያ ተመልካች ቀረበ፤ በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። በጥቅምት 1977 ደግሞ የቢቢሲው ማይክል በርክና ካሜራ አንሺው መሐመድ አሚን፣ ያኔ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር ከነበረችው ከኮረም ያመጡት ምስል ዓለምን አስለቀሰ፤ ዘፋኞች ተሰባስበው በለንደንና በፊላደልፊያ ትልልቅ ኮንሰርቶች አሰናዱ። ዙፋን ያናወጠው፣ የዓለምን ኪስ ያስፈታው ገላ ግን ስም አልነበረውም። የጎድን አጥንቱ ተቆጠረ እንጂ ምን ትላለህ ብሎ የጠየቀው የለም። በዚያው ሰሞን ከግማሽ ሚሊዮን በላይ ሰው፣ አብዛኛው ከወሎ፣ በመንግሥት ሠፈራ ወደ ምዕራብና ወደ ደቡብ ምዕራብ ተጋዘ። ገላው መኪና ላይ ተጫነ፤ ፈቃዱ እዚያው አገሩ ቀረ።

ዘፈኑ በውበት ተረከው። ከአራቱ ቅኝቶች ባቲና አምባሰል ስማቸው የተገኘው ከዚሁ ከወሎ ነው። ስለ ወሎ በተዘፈነ ቁጥር የወሎ ልጅ ዓይን፣ አንገትና ጥርስ ሳይነሣ አይታለፍም። ሙገሳ ነው፤ ሙገሳ ማን ይጠላል? ነገር ግን አዲስ አበባ አንድ ሠርግ ላይ አጠገቤ የተቀመጠ ሰውዬ «የየት አገር ልጅ ነሽ?» አለኝና «የወሎ» ስለው ከእግሬ እስከ ራሴ ቃኝቶኝ «እርግጠኛ ነሽ?» ብሎ ሳቀ። ጠረጴዛው በሙሉ አብሮት ሳቀ፤ እኔም ሳቅሁ። በኋላ ሳስበው፣ ሰውዬው ያየው እኔን አልነበረም፤ ሲሰማው ያደገውን ዘፈን ፊቴ ላይ ፈልጎ ሲያጣ ነው የደነቀው።

ሦስተኛው ተራኪ መድረክ ነው። እሱን ከውስጥ አውቀዋለሁ።

ዘጠነኛ ክፍል ሳለሁ፣ በተወለድኩባት በደቡብ ወሎዋ ከላላ፣ አንድ የኪነት ቡድን ውስጥ ገባሁ። አሠልጣኛችን ደግ ሰው ነበር፤ ከኪሱ ሻይ ይጋብዘን ነበር። እኔን ግን ዘወትር ኋላ ረድፍ ያቆመኛል። «ወሎ ለስለስ ነው፤ ትከሻሽ ፈጠነ፤ ጎንደር ሆንሽብን እኮ!» ይለኛል። እኔ ትከሻዬን የተማርኩት እዚያው ከላላ፣ የአጎቶቼ ሠርግ ላይ ነው። ከከላላ የተወለደ፣ የከላላን እህል የበላ፣ ከላላ ውስጥ እስክስታ የለመደ ትከሻ ለ«ወሎ» ትርዒት ብቁ አልሆነም። ወሎ የሚባለው ውዝዋዜ ተቆርጦ፣ ተለክቶ፣ በካሴት ተቀርጾ ከደሴ መጥቶልናል፤ የእኛ ሥራ ገላችንን በልኩ ማስገባት ነበር።

መጋረጃው ጀርባ ያለውን ሩጫ አልረሳውም። ጉፍታውን ፈትተን፣ ቀሚሱን አውልቀን፣ ሌላ ስንለብስ ጉራጌ እንሆናለን፤ ያንን አውልቀን ሌላ ስንለብስ ሲዳማ። አምስት ደቂቃ አይፈጅም። ደስ ይለን ነበር፤ አልዋሽም። ከቤት መውጫ፣ መንገድ ማያ፣ አበል ማግኛችን ነበር። የአሁኖቹን ልጆች በኅዳር 29 መድረክ ላይ ሳይም አልንቃቸውም። ትዝብቴ ሌላ ነው። አምስት ደቂቃ ውስጥ አምስት ሕዝብ የሆነች ልጅ፣ በዚያ ሁሉ መሐል አንዴም ራሷን ሆና መድረክ ላይ አልወጣችም። ሁልጊዜ ወኪል ናት። ለመወከል የወጣ ገላ ደግሞ አይጠይቅም፤ አይጠራጠርም፤ አይደክመውም። ፈገግ ይላል።

ይህ መድረክ ዛሬ የተፈጠረ አይደለም። የ1977ቱ ረሃብ ምስል ከዓለም ዓይን ሳይጠፋ፣ በ1980 ዓ.ም. «ሕዝብ ለሕዝብ» የተባለው ታላቅ የኪነት ጓድ አገር ላገር ዞረ። ሐሳቡ ይገባኛል፤ «እኛ አጽም ብቻ አይደለንም፤ እነሆ፣ እንጨፍራለን» ለማለት ነበር። የከያንያኑ ችሎታም እስከ ዛሬ ያስደምማል። የሆነው ግን በተራበው ገላ ምትክ የሚጨፍረውን ገላ ማቅረብ ነው። ተራኪው ተለወጠ፤ ገላው መተረኩ አልቀረም። ከዚያ ወዲህ በመጣው ሥርዓት ሕገ መንግሥቱ የጸደቀበት ኅዳር 29 የብሔር ብሔረሰቦች በዓል ሲሆን ያው አሰላለፍ ቀጠለ፤ ለእያንዳንዱ ሕዝብ አንድ አልባሳት፣ አንድ ዜማ፣ አንድ የትከሻ ልክ።

ከመድረክ ስንወርድም አልቀለለልንም። የቀበሌ መታወቂያችን ላይ ብሔር የሚል መሥመር ነበረ። የእናቴ ወገን ክርስቲያን፣ የአባቴ ወገን ሙስሊም ነው፤ በእኛ አገር ይህ ወሬ አይሆንም። የእናቴ እናት አንገታቸው ላይ ንቅሳት ነበራቸው፤ የአባቴ እናት ጣታቸው ከእንሶስላ ተለይቶ አያውቅም። ያንን ሁሉ የተሸከመ ገላ በአንድ መሥመር ቃል ይመዘገብ ነበር። ዛሬ ፋይዳ የተባለው ዲጂታል መታወቂያ ብሔር አይጠይቅም፤ የአሥር ጣት አሻራ፣ የዓይን ምስልና የፊት ፎቶ ወስዶ ቁጥር ይሰጣል። መሻሻል ነው እላለሁ። ሆኖም አሻራ ማን እንደሆንኩ ለይቶ ያውቃል እንጂ ምን እንደምል አይሰማም። እሱን የሚሰማ ሌላ ቦታ ያስፈልጋል፤ ያ ቦታ ጥበብ ነው።

እዚህ ላይ ስለ ተወዛዋዡ መላኩ በላይ ላውራ። መላኩን አዲስ አበባ፣ ካዛንቺስ፣ ፈንድቃ በተባለው አዝማሪ ቤት ውስጥ ሲጨፍር አይቼዋለሁ። ልጅነቱን ጎዳና ላይ ያሳለፈ፣ ኋላም በዚያው ቤት ከተመልካች በሚያገኘው ሽልማት ብር እየኖረ፣ ሌሊቱን እዚያው ባንኮኒ ሥር እየተኛ ዓመታት የቆየ ሰው ነው። በ2000 ዓ.ም. ገደማ ቤቱን ራሱ ያዘው። አዝማሪ ቤቱን ሥዕል የሚታይበት፣ ግጥም የሚነበብበት፣ ጃዝ የሚመታበት የባህል ማዕከል አደረገው፤ ኢትዮከለር የተባለውን ቡድን አቋቋመ፤ ከሳክስፎን ተጫዋቹ ከጌታቸው መኩሪያና ከሆላንዱ ዘ ኤክስ ባንድ ጋር ባሕር ማዶ ተሻግሮ ጨፈረ። ፈንድቃ በ2020 (እ.ኤ.አ.) የኔዘርላንዱን የፕሪንስ ክላውስ ሽልማት አገኘ።

መላኩ የጎጃሙን ያውቃል፣ የጎንደሩን ያውቃል፣ የወሎውን ያውቃል። ሲጨፍር ግን ተመልካቹ «ይሄ ጎጃም ነው» አይልም፤ «ይሄ መላኩ ነው» ይላል። ከትከሻ ይጀምራል፤ ንዝረቱ ወደ ደረት ወርዶ፣ ወደ አንገት ተመልሶ፣ መላ ገላውን ይይዘዋል። ትንፋሹ ይሰማል፤ ላቡ ይታያል። ድካሙን አይደብቅም። እኔን ኋላ ረድፍ ያስቆመኝ ፍጥነት እሱን መሐል ላይ አቁሞታል፤ ምክንያቱም እዚያ ቤት ውስጥ ልኩን የሚያወጣው ሌላ ሰው አልነበረም። ለዓመታት ሽልማት ብር ግንባሩ ላይ ሲለጠፍለት የኖረ ሰው፣ ገላው መተዳደሪያው ብቻ ሳይሆን ማሰቢያውም እንደሆነ አሳየን። እስክስታን ከባህል ትርዒትነት አውጥቶ የአንድ ሰው ንግግር አደረገው ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

ፈንድቃ በ2017 ዓ.ም. ካዛንቺስ ለመልሶ ማልማት ሲነሣ አብሮ ፈረሰ። ከዚህ የምወስደው ነገር አለ፤ እንዲህ ያለ ጥበብ ቤት ይፈልጋል። መላኩ መላኩን የሆነው ተሰጥኦ ስላለው ብቻ አይደለም፤ በየሌሊቱ የሚሞክርበት፣ የሚሳሳትበት፣ ልክ ሳይወጣለት የሚቆምበት ወለል ስለነበረው ጭምር ነው። ከላላ ውስጥ ያለች ልጅ እንዲህ ያለ ወለል የላትም። ያላት የበዓል መድረክ ነው፤ እሱም በዓመት አንድ ቀን፣ አልባሳቱ ተመርጦ፣ ካሴቱ ተሞልቶ።

ገላን የጥበብ መሣሪያ ማድረግ በዘመናችን ፐርፎርማንስ አርት በሚል ስም ይታወቃል። አንባቢዬ ስለዚህ ሰምቶ ፊቱን ያጨማደደ እንደሆነ ሁለት ሥራ ልንገረው። በ1974 (እ.ኤ.አ.) ዩጎዝላቪያዊቷ ማሪና አብራሞቪች ኔፕልስ ከተማ አንድ አዳራሽ ውስጥ ስድስት ሰዓት ሳትንቀሳቀስ ቆመች። ጠረጴዛ ላይ 72 ዕቃ ደርድራለች፤ ጽጌረዳ፣ ማር፣ መቀስ፣ ስለት፣ ሽጉጥና ጥይት። ተመልካቹ በገላዋ ላይ የፈለገውን እንዲያደርግ ፈቀደች። ሰዉ በአበባ ጀመረ፤ ሰዓቱ ሲገፋ ልብሷን ቆራረጡ፣ ቆዳዋን አደሙ፣ ሽጉጡንም ደግነው አነጣጠሩባት። ሰዓቱ አልቆ ስትንቀሳቀስ፣ እንደ ሰው ወደ እነሱ ስትራመድ፣ ሸሹ። እዚህ ላይ የተፈተነው ገላዋ አይደለም፤ ዝም ያለ ገላ ሲያገኝ ሰው ምን እንደሚያደርግ ነው። በየኬላው ወርዶ «ማን ነህ?» የተባለ ሰው ይህን ለመረዳት የሥዕል ትምህርት ቤት መግባት የለበትም።

ሁለተኛው ለእኔ ይበልጥ ይቀርበኛል። በ1992 (እ.ኤ.አ.)፣ ኮሎምበስ አሜሪካ የደረሰበት 500ኛ ዓመት ሲከበር፣ ኮኮ ፉስኮና ጊዬርሞ ጎሜዝ ፔኛ የተባሉ ሁለት አርቲስቶች የወርቅ ቀለም በተቀባ የብረት ፍርግርግ ውስጥ ገብተው በማድሪድ አደባባይ ተቀመጡ። «እስካሁን ካልተገኘች ደሴት የመጣን ነን» አሉ። ለትንሽ ክፍያ እሷ ትጨፍራለች፤ እሱ ምንም ትርጉም በሌለው ቋንቋ ተረት ይተርታል፤ ከጎብኚ ጋር ፎቶ ይነሣሉ። ደሴቲቱ የፈጠራ ነበረች፤ ሥራው ፌዝ ነበር። ብዙ ተመልካች ግን አመነ። አንዳንዱ አዘነ፣ አንዳንዱ ሳቀ፣ ብዙው ከፍሎ አስጨፈረ። ይህን ሳነብ መጋረጃ ጀርባ ያሳለፍኩት ሩጫ ታወሰኝ። እነሱ ያንን ያደረጉት ተመልካች እንዲያፍር ነው። እኛ ከምራችን አደረግነው፤ ያፈረም የለም።

ወደ ቤታችን እንመለስ። ሮቤል ተመስገን ደሴ በ1987 (እ.ኤ.አ.) ተወልዶ፣ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ አለ ፈለገሰላም የሥነ ጥበብና ዲዛይን ትምህርት ቤት ተምሮ፣ ኖርዌይ ትምህርቱን የቀጠለ አርቲስት ነው። «አድባር» በሚል የሠራቸው ሥዕሎች ዛፍን፣ ተራራንና ውኃን ነፍስ እንዳላቸው አድርጎ የሚያየውን የአገሩን ዓይን የያዙ ናቸው። የግል ጋዜጦች እየከሰሙ በነበሩበት ዘመን ደግሞ በእጁ ጋዜጣ እየጻፈ፣ ዓምድ እያሰመረ፣ ከመንገድና ከታክሲ የሚሰማውን ወሬ አሰፈረበት። ማተሚያ ቤት ሲጠፋ የአንድ ሰው እጅ ማተሚያ ቤት ሆነ ማለት ነው። ምሕረት ከበደ ባለቅኔም፣ ሠዓሊም፣ ገላዋን የሥራዋ አካል የምታደርግ አርቲስትም ናት፤ በራስ ሆቴል ስንት ወጣት የግጥም ጣዕም ያገኘበትን ጦቢያ ግጥም በጃዝን ከመሠረቱት አንዷ ናት። አሜሪካ የተወለደችው ሔሊና መታፈሪያ በበኩሏ የጥቁር ሴት ታጋዮችን ራስ ከድሮ የሰልፍ ፎቶዎች በተሠራ ዘውድ አስጊጣ፣ በሴቶች ስብስብ ውስጥ ገላ እንዴት እንደሚቃወምና እንዴት እንደሚያርፍ ታስተምራለች፤ ቦስተን በሚገኘው የሥነ ጥበብ ቤተ መዘክርም ሥራዋ ታይቷል። የእነዚህን ሰዎች ስም በወሎዋ መካነ ሰላም ውስጥ ስንት ሰው ያውቃል? ወቀሳው ለሕዝቡ አይደለም። ይዞ የመጣ የለም።

«ይሄ የፈረንጅ ነገር ነው» የሚለው ተቃውሞ ሲነሣ ብዙ ጊዜ የሚሰጠው መልስ «እኛም ድሮ ነበረን» የሚል ነው። ልቅሶው፣ በጋራ የሚለመንበት ወዳጃ፣ ዱበርቲ የሚባሉት እናቶች ዱዓ፣ በድቤ የሚወዛወዙበት መንዙማ ይጠቀሳል። እኔ ይህን መልስ አልወደውም፤ ግማሽ እውነት ነውና። ግማሽ መሆኑን ያወቅሁት ከአክስቴ ነው። አክስቴ በእናቴ ወገን ስመ ጥር አልቃሽ ናቸው። የሟችን ጋቢ ዘርግተው፣ ደረታቸውን እየደቁ፣ አንድ ቀበሌ ሙሉ ሰው ያስለቅሳሉ። አንድ ቀን፣ «እታለም፣ ሲያለቅሱ ምን እያሰቡ ነው?» አልኳቸው።

«የሟችን ነዋ! ስሙን፣ ሥራውን፣ የተወውን።»

«የራስዎንስ?»

ዝም ብለው አዩኝና፣ «የራሴን? የራሴን ማን ጠርቶኝ!» አሉ።

አክስቴ ሁለት ልጅ ቀብረዋል። ባላቸው በሠፈራ ሄደው አልተመለሱም። ገላቸው የሐዘን ሊቅ ነው፤ ሊቅነቱ ግን ለሰው ሐዘን ብቻ ነው የተጠራው። በልቅሶው ሰው ለወገኑ ይቆማል፤ በወዳጃው ለጀመዓው ይለምናል። ታላቅ ነገር ነው፤ ማኅበረሰብ የሚቆመው በዚህ ነው። ነገር ግን አንድ ሰው «ይህ በእኔ ላይ የደረሰው ነው» ብሎ ገላውን ይዞ መሐል የሚቆምበት ሥርዓት የለንም። አዲሱ ጥበብ የሚጨምርልን ይህንን ነው። አልቃሽዋን አይሽራትም፤ ለራሷም ይጠራታል።

ሌላው ተቃውሞ ነውርን የሚመለከት ነው፤ ይህን አቃልዬ አላልፈውም። ከላላ አብዛኛው ሕዝብ ሙስሊም ነው፤ ክርስቲያኑም ቢሆን ገላን በአደባባይ ማሳየት አይወድም። ስለ ገላ መሥራት ግን መራቆት አይደለም። ቀኑን ሙሉ በመጅ የፈጨች፣ በእንዝርት የፈተለች ሴት እጇን ብቻ ዘርግታ ብትቀመጥ በቂ ነው። ውኃ ቀድታ የምትመለስ ልጅ ጀሪካኗን ተሸክማ የወረዳው አዳራሽ ውስጥ አንድ ሰዓት ሳታወርድ ብትቆም፣ ስብሰባ ላይ የተቀመጠው ሰው ስለ ውኃ ከሚሰማው ሪፖርት ሁሉ የሚበልጥ ነገር ያያል። ጉፍታዋን ያሰረች ልጅ «ይህን ጉፍታ እናቴ ለምን እንዳሰረችልኝና እኔ ለምን እንደማስረው» በዝምታ ልታሳይ ትችላለች። ነውሩን የምታውቀው እሷ ናት፤ ድንበሩንም የምታወጣው እሷ ናት። እንዲያውም ዓይናችሁን ኩሉ፣ ወገባችሁን አስሩ፣ ፈገግ በሉ እየተባለ በእንግዳ ፊት የሚያስጨፍረው መድረክ ስለ ነውር የሚያሳስበውን ሰው ይበልጥ ሊያሳስበው ይገባ ነበር።

«ሰው በጦርነትና በኑሮ ውድነት እየተጨነቀ ይህ ቅንጦት ነው» የሚሉም አሉ። እኔ ተቃራኒውን አያለሁ። ጦርነቱ የደረሰው ገላ ላይ ነው። በአነጋገሩ፣ በፊቱ፣ በስሙ የተመዘነው ገላ ነው። ያንን የደረሰበትን ዝም ብሎ እንዲሸከም አድርገን፣ በበዓል ቀን ደግሞ ታጥቦ፣ ለብሶ፣ ወሎን ወክሎ እንዲስቅ ስንጠይቀው ግፉ ይደረባል።

ስለዚህ የምጠይቀው ትልቅ ሕንፃ አይደለም። የዞንና የወረዳ ባህል ጽሕፈት ቤቶች በየዓመቱ ከሚያዘጋጁት መድረክ አንዷን ምሽት ያለ ትርዒት አልባሳት ያድርጓት፤ ከኪነት ቡድኑ እያንዳንዱ ልጅ በዚያች ምሽት ማንንም ሳይወክል፣ ራሱ ያሰበውን፣ በራሱ ልብስ፣ ለአሥር ደቂቃ ያቅርብ። አሠልጣኙ ይርዳው እንጂ ልኩን አያውጣለት። ቱሉ አውሊያና መካነ ሰላም ግቢ ያለው መቅደላ አምባ ዩኒቨርሲቲ፣ ደሴ ያለው ወሎ ዩኒቨርሲቲ፣ እንደ ሮቤል ያሉትን የአገሩን ልጆች ጠርተው ከተማሪዎች ጋር አንድ ወር ያሠሯቸው። እንደ አክስቴ ያሉ አልቃሾችና የዱበርቲ እናቶች በዚያ ክፍል ውስጥ እንደ ትርዒት ሳይሆን እንደ መምህር ይቀመጡ፤ ገላ ሐዘንን እንዴት እንደሚይዝ ከእነሱ የተሻለ የሚያውቅ የለም።

የሚያስፈራው የመጀመሪያው ምሽት ነው። ልጆቹ ያፍራሉ፤ ተመልካቹ ያጉረመርማል፤ አንዳንዱ ሥራ ይከሽፋል። ይክሸፍ። የራስን ነገር ለመናገር ሞክሮ መክሸፍ፣ የሌላ ሰው ልክ ውስጥ ገብቶ ጭብጨባ ከማግኘት ይሻላል። ለሚመጣው ኅዳር 29 አዲስ አልባሳት ለማሰፋት በጀት መያዙ አይቀርም። ከዚያ የአንድ ቀሚስ ዋጋ ይቀነስና ከከላላ ለምትመጣ አንዲት ልጅ መጓጓዣና ምሳ ይከፈላት፤ ምን ይዛ እንደምትመጣም አስቀድሞ የሚጠይቃት አይኑር።